ጠበቃው አገረ ገዥ

ሹመት ሁለት ዓይነት ነው። በአንደኛው ሹመት ሥልጣንና ሥራ አብረው ይመጣሉ፤ በሁለተኛው ግን ስሙ ትልቅ፤ ወንበሩ ከፍተኛ፤ ልብሱም በወርቅ ያጌጠ ሆኖ በእጅ የሚገባው ሥልጣን በጣም ጥቂት ነው። ለመጀመሪያው ሹመት ብልህና ጠንካራ ሰው እንደሚያስፈልግ ማንም ይረዳዋል። ለሁለተኛው ግን በወንበሩ ላይ የሚቀመጥና ወረቀት የሚፈርም ሰው ከተገኘ ይበቃል የሚሉ ብዙዎች ናቸው። እኛ ዛሬ ለአንባቢዎቻችን የምናቀርበው የአንድ የካናዳ ሰው ታሪክ ይህ አሳብ ስሕተት መሆኑን ያስረዳል ብለን እናምናለን።

ሰውየው ሰር አንሪ ጉስታቭ ዦሊ ደ ሎትቢኒዬር ይባላሉ። በሙያቸው ጠበቃ ነበሩ፤ በምርጫ የሕዝብ እንደራሴ፤ ቀጥሎም የኬቤክ ጠቅላይ ግዛት ጠቅላይ ሚኒስትር ሆኑ፤ በእርጅናቸው ደግሞ የብሪቲሽ ኮሎምቢያ ጠቅላይ ግዛት አገረ ገዥ ሆነው ተሾሙ። በሕይወታቸው ሁለት ትልልቅ ቀኖች ነበሩ። በመጀመሪያው ቀን አንድ አገረ ገዥ አንድን ጠቅላይ ሚኒስትር ሽሮ እሳቸውን ሾመ፤ በሁለተኛው ቀን እሳቸው ራሳቸው አገረ ገዥ ሆነው አንድን ጠቅላይ ሚኒስትር ሻሩ። በሁለቱ ቀኖች መካከል 25 ዓመታት አሉ። የዦሊን ታሪክ ለመረዳት እነዚህን ሁለት ቀኖች ጎን ለጎን ማየት ያስፈልጋል። በዚህ ጽሑፍ የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር መሆናቸውን አንባቢ እንዲያስታውስልን እንለምናለን።

ዦሊ የተወለዱት በዲሴምበር 5 ቀን 1829 ኤፔርኔ በምትባል የፈረንሳይ ከተማ ነው። አባታቸው ፒዬር ጉስታቭ ዦሊ ትውልዳቸው ከስዊስ አገር የሆነ፤ የፕሮቴስታንት ሃይማኖት ተከታይ የሆኑ ነጋዴ ነበሩ። እኚህ አባት ለአዲስ ነገር ልባቸው የሚነሣሣ ሰው ስለ ነበሩ፤ የፎቶግራፍ ሥራ ለዓለም በተገለጠበት በ1839 መሣሪያውን ይዘው እስከ አቴናና እስከ ግብፅ በመጓዝ ጥንታውያን ሕንፃዎችን ፎቶግራፍ ካነሡት የመጀመሪያዎቹ ሰዎች አንዱ ሆነዋል። እናታቸው ዡሊ ክሪስቲን ደግሞ ሻርትዬ ደ ሎትቢኒዬር ከሚባል የቆየ የካናዳ ቤተ ሰብ ተወልደው፤ በሴን ሎራን ወንዝ ዳር የሚገኘውን የሎትቢኒዬርን ርስት የወረሱ ወይዘሮ ነበሩ። ይህ ርስት በቀድሞ ዘመን ካናዳ የፈረንሳይ ግዛት በነበረች ጊዜ በጉልት መልክ የተሰጠ ሰፊ መሬትና ጫካ ነው።

ልጁ በፓሪስ ተምረው በ1850 ወደ ካናዳ መጡና ሕግ አጠኑ። በ1855 በጠበቃነት ለመሥራት ፈቃድ ተቀበሉ፤ በሚቀጥለውም ዓመት ማርጋሬታ ጆሴፋ ጎወን የምትባል የኬቤክ ከተማ ልጅ አገቡ። ከጥቂት ዓመታት በኋላ በ1860 የእናታቸው ወገን ርስት በእጃቸው ገባ። ከዚህ በኋላ ዦሊ በአንድ በኩል የሕግ መጽሐፍ፤ በሌላ በኩል የጫካ ሥራ ይዘው የሚኖሩ ሰው ሆኑ። ሁለቱም ትዕግሥት የሚጠይቁ ሙያዎች መሆናቸውን ልብ እንበል።

በ1861 የሎትቢኒዬር ሕዝብ እንደራሴ አድርጎ መረጣቸው። የመረጣቸው ሕዝብ ፈረንሳይኛ የሚናገርና የካቶሊክ ሃይማኖት የሚከተል ገበሬ ነበር፤ እሳቸው ግን ፕሮቴስታንት ነበሩ። በዚያን ዘመን ሃይማኖትና ፖለቲካ በኬቤክ ምን ያህል የተሳሰሩ እንደ ነበሩ ለሚያውቅ ሰው፤ ይህ ምርጫ ሕዝቡ በሰውየው ላይ የነበረውን እምነት ይገልጣል። በ1865 የእንግሊዝ የሰሜን አሜሪካ ቅኝ ግዛቶች በአንድ ፌዴራላዊ መንግሥት ሥር ይተባበሩ ወይስ አይተባበሩ የሚል ታላቅ ክርክር ሲነሣ፤ ዦሊ ትብብሩን ተቃወሙ። ምክንያታቸውም ፈረንሳይኛ ተናጋሪው ሕዝብ በቁጥር አንሶ መብቱን ያጣል የሚል ሥጋት ነበር። ነገር ግን በክርክሩ ተሸነፉ፤ በ1867ም የካናዳ ፌዴራላዊ መንግሥት ተመሠረተ። ዦሊ በመሸነፋቸው አኩርፈው ከቤታቸው አልተቀመጡም። በተቃወሙት ሕግ በተቋቋመው በኦታዋው ምክር ቤትም ሆነ በኬቤኩ ምክር ቤት ተመርጠው ገቡ፤ በሁለት ምክር ቤት መቀመጥ በ1874 ሲከለከልም ኬቤክን መርጠው የሊበራል ፓርቲ መሪ እንደ ሆኑ በዚያው ቀሩ።

አሁን ወደ ዋናው ነገር ከመግባታችን በፊት የአገረ ገዥውን ሥራ መግለጥ ይገባናል። በካናዳ ሥርዓት በእያንዳንዱ ጠቅላይ ግዛት የዘውዱን ስምና ክብር የሚወክል አንድ አገረ ገዥ አለ። የሚሾመው በኦታዋ ባለው ማዕከላዊ መንግሥት አማካይነት ነው። ምክር ቤቱን ይከፍታል፤ ሚኒስትሮቹ የጻፉለትን ንግግር ያነባል፤ ያለ እሱ ፊርማ አንድም ሕግ አይጸናም። ይሁን እንጂ የሚፈርመው በሚኒስትሮቹ ምክር ነው፤ መንግሥቱን በእውነት የሚመራው በምክር ቤቱ የብዙ ድምፅ ድጋፍ ያለው ጠቅላይ ሚኒስትር ነው። በወረቀት ላይ ግን አገረ ገዥው ጠቅላይ ሚኒስትሩን ለመሻር ይችላል። እንግዲህ ይህ በወረቀት የተጻፈ ሥልጣን በሰገባው ውስጥ እንዳለ ሰይፍ ነው ማለት ይቻላል። ሁሉም መኖሩን ያውቃል፤ ሲመዘዝ ለማየት ግን ማንም አይፈልግም።

በ1878 ይህ ሰይፍ በኬቤክ ተመዘዘ። የጠቅላይ ግዛቱ አገረ ገዥ ሉክ ለቴሊዬ ደ ሴን ዡስት የቀድሞ የሊበራል ፓርቲ ሰው ነበሩ፤ ጠቅላይ ሚኒስትሩ ደ ቡሸርቪል ግን የወግ አጥባቂው ፓርቲ መሪ ነበሩ። በባቡር ሐዲድ ገንዘብ ጉዳይ ሁለቱ ተጣሉ። አገረ ገዥው እኔን ሳያማክር ሕግ ያወጣል ብለው ቅር ተሰኙና በማርች 2 ቀን ጠቅላይ ሚኒስትሩን ሻሩ። የተሻሩት ሰው በሁለቱም ምክር ቤቶች የብዙውን እንደራሴ ድጋፍ እንደ ያዙ ነበር። በእሳቸው ፈንታ የተጠሩት የተቃዋሚዎቹ መሪ ዦሊ ናቸው፤ በማርች 8 ቀን ቃለ መሐላ ፈጽመው የኬቤክ የመጀመሪያው የሊበራል ጠቅላይ ሚኒስትር ሆኑ።

ዦሊ ሕግ አዋቂ ስለ ነበሩ የተቀበሉት ነገር ምን እንደ ሆነ አልተሰወረባቸውም። በእንግሊዝ የሕገ መንግሥት ልማድ መሠረት፤ አንድ መንግሥት ተሽሮ በምትኩ ለመግባት የሚስማማ ሰው ለሽረቱ በሕዝብ ፊት ኃላፊነቱን ይወስዳል። ስለዚህም ምክር ቤቱ ተበትኖ በሜይ 1 ቀን ምርጫ ተደረገ። ሕዝቡ ለሁለት እኩል ተከፈለ፤ አንዱ ፓርቲ ከሌላው በግልጥ የሚበልጥ ድምፅ አላገኘም። ዦሊም በአንድ ሁለት ድምፅ ብልጫ፤ አንዳንድ ጊዜም በአፈ ጉባኤው ድምፅ እየተደገፉ 19 ወር ያህል ገዙ።

በእነዚህ ወራት የጠቅላይ ግዛቱ ገንዘብ በባቡር ሐዲድ ዕዳ ተጨንቆ ነበርና ዦሊ ቁጠባን ዋና ፖሊሲያቸው አደረጉ። ቁጠባውንም ከራሳቸውና ከሚኒስትሮቻቸው ደመወዝ ጀመሩ። በሹመት እንጂ በምርጫ የማይገባበትን የላይኛውን ምክር ቤት ለመሠረዝም ሕግ አቀረቡ፤ ግን አልተሳካላቸውም። በ1879 ሁለት ነገር በአንድነት ደረሰባቸው። አንደኛ፤ በኦታዋ የወግ አጥባቂው ፓርቲ ሥልጣን ይዞ ስለ ነበር አገረ ገዥው ለቴሊዬ በጁላይ ወር ከሹመታቸው ተሻሩ። ሁለተኛ፤ ያ ሊሠርዙት የፈለጉት የላይኛው ምክር ቤት የመንግሥቱን በጀት አላሳልፍም ብሎ ያዘባቸው። በኦክቶበር መጨረሻ ከራሳቸው ወገን አምስት እንደራሴዎች ከድተው ወደ ተቃዋሚዎቹ ተሻገሩ፤ ዦሊም ሥልጣናቸውን ለቀቁ።

እንግዲህ ዦሊ ከዚህ ምን ተማሩ? ልባቸውን ከፍተን ለማየት አንችልም። ነገር ግን የሆነው ነገር ራሱ ትምህርት ነው። ብዙ ድምፅ ያለውን መንግሥት በፖሊሲ ጠብ ምክንያት የሻረ አገረ ገዥ ራሱም በዓመት ከጥቂት ወራት ውስጥ ተሻረ፤ በዚያ ሽረት የተሠራው መንግሥትም ጽኑ መሠረት ሳያገኝ ወደቀ። ዦሊ ይህን ነገር ከሩቅ ያነበቡት ሳይሆኑ በመካከሉ የነበሩ ሰው ናቸው።

ከዚያ በኋላ ለጥቂት ዓመታት በተቃዋሚነት ተቀመጡ። በ1885 በምዕራብ ካናዳ ዓመፅ ያነሣው ሉዊ ሪየል በሞት ሲቀጣ፤ በኬቤክ ታላቅ የቁጣ ነፋስ ነፈሰ። የሊበራል ፓርቲ በዚህ ነፋስ ተሳፍሮ ሥልጣን ለመያዝ ተዘጋጀ። ዦሊ ግን የዘርን ቁጣ ለምርጫ መሣሪያ ማድረግ አይገባም ብለው ከፓርቲያቸው ጋር ተለያዩና የምክር ቤት ወንበራቸውን ለቀቁ። በሚቀጥለው ዓመት ምርጫ ፓርቲያቸው ሥልጣን ለመያዝ በቃ። እሳቸው ዝም ብለው ቢቆዩ ኖሮ ከሹመቱ ድርሻ የሚያጡ ሰው አልነበሩም።

ወደ ርስታቸው ተመልሰውም የደን ነገር ዋና ሥራቸው ሆነ። በዚያን ዘመን ብዙ ካናዳውያን ጫካ እስከ ዓለም ፍጻሜ የማያልቅ ሀብት ነው ብለው ያምኑ ነበር። ዦሊ ግን ዛፍ የሚቆርጥ ሰው የሚተክል ሰውም መሆን እንዳለበት በንግግርና በጽሑፍ ሳይታክቱ አስተማሩ። ፕዋንት ፕላቶን በሚባለው የወንዝ ዳር መሬታቸው ላይ፤ እንጨቱ ለቤት ዕቃ ሥራ በጣም የሚፈለገውን ጥቁር ዋልነት የሚባለውን ዛፍ ከፍሬው እያበቀሉ ተከሉ። ብዙዎች ያ ዛፍ በዚያ ብርድ አይበቅልም ይሉ ነበር፤ እሱ ግን በቀለ። በ1900 የካናዳ የደን ማኅበር ሲቋቋም የመጀመሪያው ፕሬዚዳንት ሆነው የተመረጡት እሳቸው ናቸው።

በ1895 የእንግሊዝ ንግሥት ሰር የሚለውን የማዕረግ ስም ሰጠቻቸው። በ1896 የሊበራል ፓርቲ መሪ ዊልፍሬድ ሎሪዬ በማዕከላዊው መንግሥት ሥልጣን ሲይዙ፤ ዦሊ በ66 ዓመታቸው ወደ ኦታዋ ተመልሰው የአገር ውስጥ ገቢ መሥሪያ ቤት ኃላፊ፤ በሚቀጥለውም ዓመት የዚሁ መሥሪያ ቤት ሚኒስትር ሆኑ። ይህን መሥሪያ ቤት የተረከቡት ከቀድሞው መንግሥት ሹም ከኤድዋርድ ጎለር ፕራየር ነበር። አንባቢያችን ይህን ስም በልቡ እንዲይዘው እንለምናለን፤ ከጥቂት መሥመር በኋላ እንገናኘዋለንና።

አሁን ከኬቤክ ተነሥተን በባቡር ብዙ ቀን ወደ ምዕራብ ተጉዘን፤ በፓሲፊክ ውቅያኖስ ዳር ወዳለው ወደ ብሪቲሽ ኮሎምቢያ ጠቅላይ ግዛት እንሻገራለን። በዚያ በ1900 የመንግሥቱ ነገር ተበላሽቶ ነበር። በአካባቢው ምክር ቤት ገና ፓርቲ የሚባል ስላልነበረ እንደራሴዎቹ ዛሬ ከአንዱ፤ ነገ ከሌላው ጋር ይወግኑ ነበር። አገረ ገዥው ቶማስ ማኪኒስ ደግሞ በሁለት ዓመት ውስጥ ሁለት ጠቅላይ ሚኒስትሮችን ሽረው፤ በምክር ቤቱ ደጋፊ የሌላቸውን ጆሴፍ ማርቲን የሚባሉትን ጠበቃ ሾሙ። ምክር ቤቱ በዚህ በጣም ስለ ተቆጣ፤ አገረ ገዥው ጉባኤውን ለመዝጋት ሲገቡ እንደራሴዎቹ አዳራሹን ጥለው ወጡ። በጁን ወር በተደረገው ምርጫ ማርቲን ተሸነፉ፤ ማኪኒስም በማዕከላዊው መንግሥት ተሻሩ። ሎሪዬ በእሳቸው ቦታ ማንን እንላክ ብለው ሲያስቡ የመረጡት የ70 ዓመቱን አዛውንት ዦሊን ነው።

ዦሊ ቪክቶሪያ ከተማ ሲደርሱ የአገረ ገዥው ቤት እንኳ አልነበረም፤ በ1899 በእሳት ተቃጥሎ ነበርና አዲሱ ቤት ያለቀው በ1903 ነው። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ሥራቸው ለሹመቱ የሚገባው የክብር ሥራ ብቻ ነበር። ምክር ቤት ከፈቱ፤ ሕግ ፈረሙ፤ በ1901 የእንግሊዝ አልጋ ወራሽ፤ ኋላ ንጉሥ ጆርጅ 5ኛ የሆኑት፤ ከባለቤታቸው ጋር ሲመጡ በክብር ተቀበሉ። የድንጋይ ከሰል ባለጸጋው ጠቅላይ ሚኒስትር ጄምስ ደንስሚዩር ደካማ መንግሥት ቢመሩም ዦሊ ጣልቃ አልገቡባቸውም። ከሳቸው በፊት የነበረው አገረ ገዥ በቀላሉ የመዘዘውን ሰይፍ እሳቸው በሰገባው አስቀመጡት።

በኖቬምበር 1902 ደንስሚዩር ሥልጣናቸውን ለቀቁና ያ ከላይ ስሙን ያነሣነው ኤድዋርድ ጎለር ፕራየር ጠቅላይ ሚኒስትር ሆኑ። ፕራየር በቪክቶሪያ የብረታ ብረት ንግድ ቤት ያላቸው ታዋቂ ሰው ነበሩ። ከጠቅላይ ሚኒስትርነታቸው ጋር የመሬትና የሥራ መሥሪያ ቤቱንም ደርበው ይመሩ ነበር። በዚያን ጊዜ በፍሬዘር ወንዝ ላይ ቺምኒ ክሪክ በሚባል ስፍራ ድልድይ ይሠራ ነበርና፤ ለድልድዩ የሚያስፈልገውን የብረት ገመድ የማቅረቡ ጨረታ ለፕራየር ንግድ ቤት ሆነ። ጨረታውን የሚያወጣው መሥሪያ ቤት የበላይ ፕራየር፤ ጨረታውን ያሸነፈው ንግድ ቤት ባለቤትም ፕራየር ማለት ነው። ነገሩ በ1903 ተገለጠና በምክር ቤቱ ምርመራ ተደረገበት።

በአገራችን ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል የሚል ተረት አለ። ይህ ተረት በየትም አገር የሚሠራ ይመስላል። ፕራየር ግን ጥፋት አላደረግሁም ብለው ተከራከሩ። አንድ ተራ የክብር አገረ ገዥ በዚህ ጊዜ ምን ያደርግ ነበር? ነገሩ የሚኒስትሮቹና የምክር ቤቱ ነው፤ እኔን አያገባኝም ብሎ ከአዲሱ ቤቱ መስኮት ባሕሩን እየተመለከተ ለመቀመጥ ይችል ነበር። ሕጉም ልማዱም ለዚህ ዝምታ ሽፋን ይሰጡታል። በሌላ በኩል ደግሞ ሰይፉን ቢመዝ የለቴሊዬና የማኪኒስ ዕጣ እንደሚጠብቀው ያውቃል። ዦሊ የሁለቱንም አገረ ገዦች መጨረሻ በዓይናቸው ያዩ ሰው ናቸው።

ሆኖም ጉዳዩን ሲመዝኑት ይህ እንደ ፊተኞቹ የፖሊሲ ጠብ አልነበረም። አንድ አገረ ገዥ የጠቅላይ ሚኒስትሩን ምክር ተቀብሎ ሲፈርም፤ ያ ምክር ለሕዝቡ ጥቅም የተሰጠ ነው ብሎ በማመን ነው። መካሪው ለራሱ ንግድ ቤት የሚሠራ ከሆነ ግን ፊርማው በምን ላይ ይቆማል? ዦሊ በዚህ ሰው ላይ ያለኝ እምነት አልቋል ብለው ወሰኑና በጁን 1 ቀን 1903 ፕራየርን ሻሩ።

ከሽረቱ ይልቅ ሰውየውን የሚያስመሰግናቸው ቀጥሎ ያደረጉት ነገር ነው ብለን እናስባለን። ዦሊ ዕድሜ ልካቸውን የሊበራል ፓርቲ ሰው ነበሩ፤ የሾሟቸውም የሊበራሉ መሪ ሎሪዬ ናቸው። የወገናቸውን ሰው ለመጥራት ምቹ ጊዜ ነበር። እሳቸው ግን በዚያው ዕለት የተቃዋሚዎቹን መሪ ሪቻርድ ማክብራይድን ጠርተው መንግሥት እንዲያቋቁሙ አደረጉ። ማክብራይድ የ32 ዓመት ጎልማሳ፤ እንደ ዦሊ ጠበቃ፤ በፓርቲ ግን ወግ አጥባቂ ነበሩ። ማክብራይድም መንግሥታቸውን በፓርቲ አቆሙ፤ በኦክቶበር 3 ቀን በጠቅላይ ግዛቱ ታሪክ የመጀመሪያው የፓርቲ ምርጫ ተደረገና ከ42 ወንበሮች 22ቱን አገኙ። እስከ 1915ም በሥልጣን ቆዩ። በየጊዜው ሹም ሽር ያደከመው ጠቅላይ ግዛት በዚህ ረጋ።

ሦስቱን አገረ ገዦች ብናስተያይ ልዩነታቸው ግልጥ ነው። ለቴሊዬ የሻሩት ፖሊሲው ያልተስማማቸውን መንግሥት ነው፤ የሾሙትም የራሳቸውን ወገን ነው። ማኪኒስ የሾሙት ምክር ቤቱ የማይፈልገውን ሰው ነው። ዦሊ ግን የሻሩት የመንግሥት ሥራ ንጽሕና ስለ ተነካ ነው፤ የሾሙት መንግሥት ለማቋቋም የሚችለውን እንጂ የሚወዱትን አይደለም፤ የመጨረሻውንም ፍርድ ለመራጩ ሕዝብ ተዉለት። ሁለቱ ተሻሩ፤ ሦስተኛው ዘመናቸውን ፈጽመው በክብር ወጡ። ከዚያ ቀን ወዲህ በካናዳ በየትኛውም ጠቅላይ ግዛት አንድ አገረ ገዥ ጠቅላይ ሚኒስትርን የሻረበት ጊዜ የለም። ዛሬም በአሥሩ ጠቅላይ ግዛቶች አገረ ገዦች አሉ፤ ሰይፉም እንዳለ በሰገባው ነው።

ዦሊ በ1906 ሹመታቸውን ለደንስሚዩር አስረክበው ወደ ኬቤክ ተመለሱ፤ በኖቬምበር 16 ቀን 1908 በ78 ዓመታቸው ዐረፉ። ፕራየርም ቢሆኑ ስማቸው በዚያ ብቻ አልቀረም። ከ16 ዓመት በኋላ፤ በ1919 መጨረሻ፤ እሳቸው ራሳቸው የብሪቲሽ ኮሎምቢያ አገረ ገዥ ሆነው ዦሊ በተቀመጡበት ወንበር ተቀመጡ፤ አንድ ዓመት ያህል ከቆዩ በኋላም በሹመቱ ላይ እንዳሉ ሞቱ። ታሪክ አንዳንድ ጊዜ እንደዚህ ያለ ነገር ታሳያለች። በፕዋንት ፕላቶን ዦሊ የተከሏቸው የዋልነት ዛፎች ግን ከመቶ ዓመት በላይ ቆይተው ለጎብኝዎች ጥላ ሆነዋል።

ይህን ታሪክ የመረጥነው ከአንባቢዎቻችን ብዙዎቹ ገና በትምህርት ቤት ያሉ ወይም በመንግሥት መሥሪያ ቤት ሥራ የጀመሩ ወጣቶች ስለሆኑ ነው። ወጣት ሠራተኛ ብዙ ጊዜ የሚያጉረመርመው ሥልጣን የለኝም፤ ከመፈረምና ከማሳለፍ በቀር ሥራ አልተሰጠኝም እያለ ነው። የዦሊ ሕይወት ለዚህ ማጉረምረም ሁለት መልስ ይሰጣል። አንደኛው፤ ትንሽ ሥልጣን ያለው ሰው ያለችውን በየቀኑ ካልተጠቀምሁባት አላርፍም ቢል፤ ያችንም እንደሚያጣና ሥራውን እንደሚያበላሽ ነው። ሁለተኛው፤ ፊርማ ከባዶ ወረቀት የሚለየው ፈራሚው አልፈርምም ለማለት የሚችልበት አንድ ቀን ሲኖር ብቻ መሆኑ ነው። ያ ቀን በአንድ ሰው ዕድሜ አንድ ጊዜ ቢመጣ ነው፤ ላይመጣም ይችላል። ዦሊ ያን ቀን ለይተው ለማወቅ 25 ዓመት ፈጅቶባቸዋል፤ በመጣ ጊዜም የወዳጅንና የወገንን ነገር ወደ ኋላ ትተው የሚገባውን አደረጉ።